ሰርግ ነው ለቅሶ? የራሺያ የድሮ ሰርግ ዘፈንና ጭፈራ የምታውቁ እስቲ ድረሱልኝ

ቤቲ_ሳር_ቤት፦
ሰላም ለዚህ ቤት። ረጅም ነው ግን አንብቡልኝ። የአጎቴ ልጅ ራሺያ ቮሎግዳ የሚባል ከተማ ሊማር ሄዶ እዛው ስራ ይዞ እዛው አንዷን ወዶ ይኸው ከፋሲካ በኋላ ሊያገባ ነው። እኔ፣ እማዬና አጎቴ (የልጁ አባት) ልንሄድ ቪዛው ተመቷል ትኬቱ ተቆርጧል፣ እስከዚህ ድረስ ሰላም ነበርን። ትናንት ማታ ግን ልጁ አንድ ቪድዮ ላከ። የሙሽሪት አያት የባህል ዘፈን ቡድን ውስጥ ናቸው፣ ሰርጉ ትንሽም ቢሆን እንደ ድሮው ካልሆነ ሞቼ እገኛለሁ ብለዋል፣ ቪድዮው የሳቸው ቡድን ነው። እናንተዬ! አንዲት ልጅ ፊቷን በትልቅ ሻሽ ሸፍና አግዳሚ ወንበር ላይ ቁጭ ብላ ትጮሃለች። ማልቀስ ብቻ እንዳይመስላችሁ፣ ብድግ ትልና ጠረጴዛው ላይ በሁለት እጇ ዷ! አድርጋ ድፍት ትላለች፣ ትነሳለች፣ ደግሞ ትደፋለች። በዛ ላይ ከኋላዋ ያሉት ሴቶች ሌላ ዜማ በሌላ ፍጥነት ይዘፍናሉ፣ እነሱ አይጠብቋት እሷ አትጠብቃቸው። እማዬ የያዘችውን ስኒ ረከቦቱ ላይ አስቀመጠችና "ቆይ፣ ይሄ ሰርግ ነው ለቅሶ? ልጁን ምን ውስጥ ነው የከተትነው" አለች፣ እስካሁን እንደተኳረፈች ነው።

አጎቴ ደሞ በተቃራኒው ዩቲዩብ ላይ ያን ቁጢጥ ብለው እግር የሚወረውሩበትን ጭፈራ አይቶ ሳሎን ውስጥ ልምምድ ጀምሯል። 61 ዓመቱ ነው። ሁለቱን ሰዎች በሰላም አድርሼ በሰላም መመለስ ነው የኔ ስራ፣ የምታውቁ ንገሩኝ።

ፈታ_በል፦
አታካብጂ እህቴ፣ ቮድካው ሲገባ ሁሉም ዘፈን አንድ ነው ሃሃሃ

ማሲንቆ_ነኝ፦
ፈታ በል አንተ ዝም በል። ቤቲ፣ እናትሽ ልክ ናቸው፣ ያዩት ሙሾ ነው። በነሱ "ፕሪቺታኒዬ" ይባላል። ሰሜን ራሺያ ማለትም አርካንግልስክ፣ ቮሎግዳ፣ ኦኔጋ ሐይቅ ዙሪያ ሰርግ የሚጀመረው በሙሾ ነበር፣ ልጅቷ ከታጨችበት ቀን ጀምሮ ቤተክርስቲያን እስክትገባ ታለቅሳለች። ወደ ደቡብ ኩርስክ፣ ቤልጎሮድ፣ ቮሮኔዥ ስትወርጂ ደሞ ለቅሶው ያጥርና ዘፈኑና ጭፈራው ይበዛል። ጉዳዩን ያጠኑት ሰዎች የሰሜኑን "የቀብር ሰርግ" የደቡቡን "የደስታ ሰርግ" ብለው ነው የሚለዩት። እና የናንተው ልጅ ሰተት ብሎ የገባው ቀብሩ ጋ ነው ማለት ነው።

ልጅቷ ብትደሰትም ባትደሰትም ማልቀስ ግዴታዋ ነው። "ገበታ ላይ ያላለቀሰች ምሰሶ ኋላ ታለቅሳለች" የሚል አባባል አላቸው፣ እንባሽን ዛሬ ጨርሺው ነገር። ግጥም የማትችል ከሆነ ደሞ የምታለቅስላት ሴት ይጠራላታል፣ የኛ ሙሾ አውራጅ ማለት ናት። ከነሱ ስሟ የተረፈው ኢሪና ፌዶሶቫ የምትባል የኦኔጋ ገጠር ሴት ናት፣ ፊደል ያልቆጠረች፣ ባርሶቭ የሚባል ሰው ከአፏ እየሰማ ጽፎ እ.ኤ.አ. ከ1872 እስከ 1885 በ3 ቅጽ አወጣው፣ ሦስተኛው ላይ የሰርጉ ሙሾ አለበት። በ1896 ኒዥኒ ኖቭጎሮድ ትልቁ ኤግዚቢሽን ላይ መድረክ ላይ አቁመዋት ደራሲው ማክሲም ጎርኪ ሰምቷት ስለሷ ጽፏል። አስቡት፣ አስለቃሽ ኤግዚቢሽን ላይ።

ሁለት ዜማ በአንድ ጊዜ ያልሽው ደሞ ስህተት አይደለም፣ ሆን ተብሎ ነው፣ የቮሎግዳ አካባቢ ሰርግ ዋናው ውበት እሱ ነው። ሙሽራዋ ብቻዋን በነፃ ዜማ ትለቀቃለች፣ ጓደኞቿ ደሞ ቀስ ባለ በተለካ ዜማ የሷን ሀዘን በሷ ስም ያወርዱታል፣ ሁለቱ እየተጋጩ እየተላለፉ ይሄዳሉ። በጆሮ ማዳመጫ ስሚው፣ መጀመሪያ ይረብሻል ከዛ አይለቅሽም።

ሊዳ_ፒተር፦
ሰላም ሁላችሁም። እኔ እናቴ ራሺያዊት አባቴ ሐበሻ ነው፣ ፒተርቡርግ ነው የምኖረው፣ ዩኒቨርሲቲ እያለሁ የፎክሎር ክለብ ውስጥ 4 ዓመት ዘፍኛለሁ፣ አማርኛዬን ይቅርታ አድርጉልኝ። ማሲንቆ ያለው ልክ ነው ግን አንድ ነገር ልጨምር። ቤቲ፣ እናትሽን አረጋጊያት፣ ዛሬ በከተማ ሰርግ ላይ እንደዛ የሚያለቅስ የለም። ዛሬ ያለው ታማዳ (ከጆርጂያ የመጣ ቃል ነው፣ ሰርጉን የሚመራው ሰውዬ)፣ ዲጄ፣ የሙሽሮች ዋልትዝ፣ የ90ዎቹ ፖፕ፣ በቃ። የመንግስት የጋብቻ ቤተ መንግስት የሚሉትም የመጀመሪያው እዚሁ እኛ ከተማ ነው በ1959 የተከፈተው፣ ሶቭየቶች ቤተክርስቲያኑን የሚተካ ነገር ፈልገው፣ በሜንደልሶን ማርሽ ያስገቡሻል በሜንደልሶን ማርሽ ያስወጡሻል።

አያትየው "እንደ ድሮው" ካሉ ግን የሚሆነው ዋዜማው ነው። "ዴቪችኒክ" ይባላል፣ የልጃገረዶች ምሽት። ድሮ ሙሽራዋን ባኒያ (የእንፋሎት መታጠቢያ) ያስገቧታል፣ ከዛ ጉንጉኗን ይፈቱታል። ራሺያ ልጃገረድ አንድ ጉንጉን ነው ያላት፣ ሪባን ያለበት። ያገባች ሴት ግን ጸጉሯ ሁለት ተጎንጉኖ ራስ ላይ ተጠምጥሞ ይሸፈናል፣ ከዛ በኋላ ባዳ ሰው አያየውም። እና ያ ሪባን "ክራሶታ" ነው የሚባለው፣ ቁንጅና ማለት ነው፣ ሙሾው በሙሉ ማለት ይቻላል ለሪባኑ ነው። ወዴት ትሄጃለሽ፣ ማን ላይ ልሰርሽ፣ ለታናሽ እህቴ ልስጥሽ ወይ ወንዝ ላይ ልልቀቅሽ እያለች። እኔ ክለብ ውስጥ የሙሽራዋን ቦታ አንዴ ሰርቼ ነበር፣ ቲያትር ነው ብዬ ገብቼ ሪባኑን ሲፈቱልኝ ጉሮሮዬ ተዘጋ፣ 22 ዓመቴ ነበር፣ የወንድ ጓደኛም አልነበረኝም።

ፈታ_በል፦
እሺ እንግዲህ ለቁምነገር ልጠይቅ። ያን ያህል የሚለቀሰው ልጅቷ ተገዳ ስለምትዳር አይደለም? ባህል ባህል እያላችሁ አታስውቡት

ሊዳ_ፒተር፦
ጥሩ ጥያቄ ነው። አዎ ብዙዎቹ አባታቸው ለፈለገው ነው የተዳሩት። ግን ሙሾው ራሱ ያን ነው የሚናገረው። ሌላ ቀን አባቷ ፊት ቀና ብላ የማታይ ልጅ የዛን ቀን ሰው ሁሉ ተሰብስቦ እየሰማ "ምን በደልኩህ፣ ምን ያህል እንጀራህን በላሁብህ፣ ለማላውቀው ለባዳ አገር ሸጥከኝ" ትለዋለች፣ እሱም ቁጭ ብሎ ይሰማል፣ መልስ የለውም። የሙሽራው ወገኖች በሙሾው ውስጥ ጥቁር ቁራዎች ናቸው፣ ጥቁር ደመና፣ ጠላት። ከቤተክርስቲያን ሲመለሱ ያው ሙሽራ ጭልፊት ይሆናል፣ ጨረቃ ይሆናል፣ ይሞገሳል። በአንድ ቀን።

ዲያቆን_ዘአዋሬ፦
ሰላም ለእናንተ ይሁን። ቀኑ ከፋሲካ በኋላ ነው ብለሻል፣ ምናልባት ዳግም ትንሣኤ እሁድ ይሆን? እንደዛ ከሆነ በአጋጣሚ አይደለም። ራሺያዎች ያን እሁድ "ክራስናያ ጎርካ" ይሉታል፣ ውቡ ኮረብታ እንደማለት። በዐቢይ ጾም እንደኛው ጋብቻ ስለማይፈጸም ጾሙ ሲፈታ ሰርጉ የሚጎርፈው ከዛ እሁድ ጀምሮ ነው። የፋሲካ ቀናችን ከነሱ ጋር አንድ ስለሆነ ይሄም ይገጥማል። ሌላው የሰርግ ወራቸው እንደኛ ጥር ላይ ነው፣ ከጥምቀት በኋላ ዐቢይ ጾም እስኪቃረብ፣ በመከር ደሞ ከፖክሮቭ (የእመቤታችን በዓል ነው) በኋላ።

ዘፈንን በተመለከተ ቤተክርስቲያኒቱና የሰርግ ተጫዋቾች የቆየ ጠብ አላቸው። በ1551 ሞስኮ በተደረገው ጉባኤ (ስቶግላቭ ይባላል) ከቀረቡት አቤቱታዎች አንዱ ይሄ ነው፦ ሰርገኛው ወደ ቤተክርስቲያን ሲሄድ ካህኑ መስቀል ይዞ ይጓዛል፣ ከፊቱ ደሞ አጫዋቾቹ እየዘለሉ እየተጫወቱ ይቀድሙታል። ስኮሞሮኽ ይባላሉ፣ ከኛ አዝማሪና አስቂኝ ተዋናይ አንድ ላይ ብታስቡት ነው። ከዛ በ1648 ንጉሥ አሌክሴይ ሚካይሎቪች ራሱ ሲያገባ አጫዋቾችን አስቀርቶ በመንፈሳዊ መዝሙር ተሞሸረ፣ በዛው ዓመት መሣሪያ ሁሉ ተሰብስቦ እንዲጠፋ አዋጅ አወጣ። ኦሌአሪየስ የሚባል ጀርመናዊ ተጓዥ 5 ጋሪ ሙሉ የሙዚቃ መሣሪያ ከሞስኮ ወንዝ ማዶ ተወስዶ ተቃጠለ ብሎ ጽፏል።

በነገራችን ላይ ዛሬም ቤተክርስቲያናቸው ውስጥ መሣሪያ የለም፣ ድምፅ ብቻ ነው። ተክሊል አላቸው፣ ሙሽሮቹ ዘውድ ተደርጎላቸው ካህኑ እጃቸውን ይዞ ወንጌሉን ሦስት ጊዜ ያዞራቸዋል። ከበሮና ጸናጽል ለለመደ ሰው ዝምታው ይከብዳል።

ማሲንቆ_ነኝ፦
5 ጋሪ!!! ዲያቆን ይሄን አንብቤ ምሳ አልበላም ዛሬ

ጋሽ_ቮሮኔዥ፦
ልጆች እንዴት ዋላችሁ። ይሄን ክር ልጄ ናት የላከችልኝ። እኔ ቮሮኔዥ ነው የተማርኩት፣ የእርሻ መሣሪያ፣ አንድ ዓመት ፖድፋክ (የቋንቋው ዝግጅት) ከዛ አምስት ዓመት። በ1986 እ.ኤ.አ. አንድ የክፍሌ ልጅ ሰርጌ ላይ ካልተገኘህ ብሎ ወሰደኝ፣ ያየሁትን ልንገራችሁ።

መጀመሪያ ከተማ ውስጥ የኮምሶሞል (የኮሚኒስት ወጣቶች ማህበር) ሰርግ ተደረገ። ጎርባቾቭ የመጠጥ ዘመቻውን ካወጀ ዓመቱ ነው፣ ሰርግ ሁሉ "ያለ አልኮል" እንዲሆን ትእዛዝ ነበር። ጠረጴዛው ላይ ጭማቂ፣ ኬክ፣ የሻይ ማንቆርቆሪያ በየቦታው። የወጣት ማህበሩ ሰዎች ተደርድረው ቁጭ ብለዋል። እኔ ሻይ ወዳድ ነኝ፣ ቀዳሁና አንድ ጊዜ ግጥም አደረግኩት። ልጆቼ፣ ኮኛክ ነበር። ሳል እንዳልል አፌን በናፕኪን ይዤ እንባዬ ፈሰሰ፣ አጠገቤ ያለችው ሴትዮ "ሻዩ ትኩስ ነው እንዴ" ብላ ጠየቀችኝ አይኗን ሳታሽ።

እውነተኛው ሰርግ ግን በማግስቱ ገጠር ነው። በር ላይ አናስገባም አሉን! በኛ አገር "አናስገባም ሰርገኛ" እንደሚባለው ልክ እንደሱ፣ ገመድ ዘርግተው፣ የሙሽራዋ ታናሽ ወንድም ጠረጴዛው ላይ የጉንጉኗን ጫፍ ይዞ ዋጋ ይጠራል። የሙሽራው ዋና ሚዜ "ድሩዥካ" ይባላል፣ ጥልፍ ፎጣ ከትከሻው እስከ ወገቡ አስሮ፣ አፉ አያርፍም፣ እሱ ነው የሚከራከረው፣ የሚቀልደው፣ የሚዘፍነው።

ከዛ ጋርሞን። አኮርዲዮን ብላችሁ ብታስቡት ትንሽ ነው፣ በቁልፍ የሚነካ። የሚጫወተው ሰውዬ ከሙሽራው እኩል ነው የሚከበረው። ማዕዘን ላይ አስቀምጠውት፣ አንድ ሴትዮ ሥራዋ የሱን ብርጭቆ ማየት ብቻ ነበር። ቢሰክር ሰርጉ ይበላሻል፣ ባይጠጣ ይኮርፋል፣ እና ሴትዮዋ መሀሉን ታውቀዋለች። አሮጊቶቹ መሀል ገቡ። እኔ የራሺያ ጭፈራ ስል ቲቪ ላይ ያየሁት ዝላይ ነበር የሚመስለኝ። እነዚህ ሴቶች ከወገብ በላይ አይነቃነቁም፣ ፊታቸው ገበያ እንደሚሄድ ሰው፣ እግራቸው ግን ወለሉን ከበሮ አደረገው። አንዷ በሁለት ትመታለች፣ ሌላዋ በሦስት ትገባባታለች፣ ሦስተኛዋ በመሀል ትሰነጥቀዋለች። ስሙ "ፔሬሴክ" ነው አሉኝ፣ መቁረጥ፣ ማቋረጥ እንደማለት። አንዱ ሽማግሌ ደሞ የሳር ማጨጃውን ረጅሙን ማጭድ ከእጀታው ነቅሎ አንጠልጥሎ በብረት ይቀጠቅጠዋል፣ እንደ ደወል ነው የሚጮኸው። እኛ ትከሻ ላይ ያስቀመጥነውን እነሱ እግር ላይ ነው ያስቀመጡት።

ከዛ ደሞ ቻስቱሽካ አለ። አራት መስመር ግጥም፣ በጋርሞን፣ አንዷ ትወረውራለች ሌላዋ ትመልሳለች። ብልግናው አይጣል! በኛ አገር ሰምና ወርቅ አለ፣ እዛ ወርቁ ፊት ለፊት ነው የሚቀርበው። ቋንቋውን በደንብ ለመድኩ ያልኩት ያን ቀን ነው ምክንያቱም የምስቅበት ቦታ ገባኝ።

ቤቲ_ሳር_ቤት፦
ጋሼ እድሜ ይስጥልኝ!! ለእማዬ ጮክ ብዬ እያነበብኩላት ነው፣ ኮኛኩ ጋ ስትደርስ ሳቀች፣ ከትናንት ወዲህ የመጀመሪያዋ ነው። ሁለተኛ ቀን አለ ይባላል፣ መልስ ነገር ነው?

ጋሽ_ቮሮኔዥ፦
መልስ ትያለሽ፣ እብደት ነው እንጂ። በማግስቱ ጠዋት የሙሽራዋ ዘመዶች ወደ ሙሽራው ቤት ይመጣሉ፣ "ያርካችን ጠፍታለች" እያሉ። ያርካ ማለት ገና ያልወለደች ጠቦት በግ ናት። እረኛ መስለው፣ ወንዱ የሴት ቀሚስ ለብሶ፣ ሴቷ ፂም ቀብታ፣ አንዱ ሐኪም ነኝ ብሎ፣ ድስትና ባልዲ ክዳን እየደበደቡ ሰፈሩን ሙሉ ይዞራሉ፣ ጋርሞኑ ከፊት። ቤት ገብተው አልጋ ስር ሳይቀር ይፈልጋሉ። ሸክላ ይሰብራሉ፣ ሙሽራዋ ትጥረግ ትባላለች፣ ስብርባሪው ውስጥ ሳንቲም ይበትኑባታል። እኔን ምን እንዳለበሱኝ አልናገርም፣ ልጄ ታነባለች።

ሃይፋ_ሰፈር፦
እኔ እስራኤል የሰርግ አዳራሽ ውስጥ አስተናጋጅ ነበርኩ፣ ራሺያኛ የሚናገሩት ሰርግ ሲኖር ሁላችንም እናውቀዋለን፣ ገና ሰላጣው ሳይነሳ "ጎርኮ! ጎርኮ!" ይጮሃሉ። መጀመሪያ ምግቡ መረራቸው ብዬ ለሼፉ ልነግር ሮጬ ነበር፣ ቃሉ መራራ ማለት ነው ብለውኝ። ለካ ሙሽሮቹ ተሳስመው ያጣፍጡት ማለታቸው ነው፣ ሲሳሳሙ ደሞ ሰዉ ቁጥር ይቆጥራል።

ማሲንቆ_ነኝ፦
ጋሼ ስለ ጋርሞን ባሉት ላይ ትንሽ ልቆዝም። ጋርሞን የጥንት መሣሪያቸው የሚመስለን ሰዎች ተሳስተናል። ቱላ ከተማ በ1830ዎቹ ነው መሰራት የጀመረው፣ ጠመንጃና ሳሞቫር (የሻይ ውሃ ማፍያ) የሚሰሩት እነዛው የቱላ ባለሙያዎች። ከዛ በፊት የሰርግ መሣሪያ ጉስሊ (እንደ በገና በክር የሚነካ ግን ጭን ላይ የሚተኛ)፣ ጉዶክ (ባለ 3 ክር፣ በደጋን የሚመታ፣ የማሲንቆ የአክስት ልጅ)፣ የቀንድ ዋሽንት፣ ኩርስክ ላይ ደሞ ሴቶች ብቻ የሚነፉት የሸምበቆ ቧንቧ "ኩጊክሊ"። ጋርሞን መጣ፣ ርካሽ ነው፣ ድምፁ ጎጆውን ይሞላል፣ አንድ ሰው ብቻውን ባንድ ነው፣ በ50 ዓመት ውስጥ ጠራረጋቸው። ችግሩ ግራ እጁ ላይ ያለው ኮርድ ተዘጋጅቶ የተቀመጠ ነው፣ አሮጌው ዜማ ለሱ አይመችም፣ ስለዚህ ዜማው ተስተካክሎ ተቃኘለት። የድሮ ዜማ ሰብሳቢዎቹ ጋርሞንን ሲረግሙ ነው የኖሩት። ይሄ ታሪክ የት ነው የምናውቀው? አንድ ኪቦርድና አንድ ስፒከር ይዞ የሚመጣው የሰርግ "ባንድ" ማሲንቆዬን ምን እንዳደረገኝ የሚያውቅ ያውቃል።

ሌላ ደስ የሚለኝ ነገር፣ በብዙ መንደር የሰርግ ዘፈን ዜማ አንድ ወይ ሁለት ብቻ ነው፣ ግጥሙ ግን በደርዘን። ያው ዜማ ሙሽራዋን ያስለቅሳል፣ ያው ዜማ ድሩዥካውን ይሰድባል። ሰው ዜማውን ከሩቅ ሲሰማ "እነ እገሌ ቤት ሰርግ ነው" ይላል፣ ግጥሙን ለመስማት ቀረብ ማለት አለበት። በራሺያኛ ሰርግ አይደገስም፣ "ይጫወቱታል"፣ ቃሉ እንደዛ ነው፣ ሰርግ ተጫወትን ይላሉ። አማርኛ ላይ ይሄን መተርጎም አያስፈልግም፣ እኛም ጨዋታ ስንል ወሬውንም ሙዚቃውንም ነው።

ክላሲካል ለሚወዱ ደሞ ግሊንካ በ1848 "ካማሪንስካያ" የሚለውን የኦርኬስትራ ሥራ ሲጽፍ የወሰደው ሁለት ዜማ ነው፣ አንዱ የሰርግ ዘፈን አንዱ የጭፈራ። ስትራቪንስኪ ደሞ "ስቫድየብካ" (ትንሿ ሰርግ) ብሎ በ4 ፒያኖ፣ በከበሮ ዓይነቶችና በዘፋኞች ሰራው፣ በ1923 ፓሪስ ታየ፣ የሚጀምረው በሙሽራዋ የጉንጉን ሙሾ ነው። ቤቲ፣ ለእናትሽ እሱን አታሰሚያቸው።

ቤቲ_ሳር_ቤት፦
አጎቴስ? ቁጢጥ ዝላዩን ይተው ወይስ?

ሊዳ_ፒተር፦
ይተው!!! ያ "ፕሪስያድካ" ነው፣ እንደዛ በረድፍ ተሰልፈው የሚሰሩት ሞይሴዬቭ በ1937 እንዳቋቋመው ዓይነት የመድረክ ቡድኖች ናቸው፣ ከልጅነታቸው የሰለጠኑ። ሰርግ ላይ ያለው "ፔሬፕልያስ" ነው፣ ሁለት ሰው ፊት ለፊት፣ አንዱ አንድ ነገር ያሳያል ሌላው ይመልስለታል፣ እስክስታ ላይ እንደሚፎካከሩት። አንዱን እንቅስቃሴ ምን እንደሚሉት ታውቃላችሁ? "ኮሌኖ"፣ ጉልበት። ስለዚህ አጎትሽ ጉልበት ያሳይ ግን የራሱን ጉልበት ይጠንቀቅ። በትከሻ ይመልስላቸው፣ አምኑኝ ይበልጣል።

ሌላ ምክር፦ የሴቶቹ ቡድን ወደ እናንተ ዞሮ መዝፈን ከጀመረ ያ ሙገሳ ነው፣ "ቬሊቻልናያ"፣ በስምና በአባት ስም ነው የሚጠሩት። መክፈል አለባችሁ፣ ሳህን ላይ። ካልከፈላችሁ ወዲያው ስድቡን ይጀምራሉ፣ ስስታም፣ ቀዳዳ ኪስ፣ ሸሚዙ የተዋሰው ነው እያሉ። ዝርዝር ብር ያዙ። ሙሽሪት ደሞ ጫማዋን እንዳትሰረቅ ተመልከቱ፣ ይሰርቃሉ።

(ክሩ ለ6 ሳምንት ዝም ብሎ ነበር)

ቤቲ_ሳር_ቤት፦
ተመልሰናል! ቃል በገባሁት መሰረት ሪፖርት።

ከሞስኮ ቮሎግዳ 500 ኪሎ ሜትር ገደማ በባቡር ሄድን። ዋዜማው አያትየው አፓርታማ ውስጥ ነበር፣ አራተኛ ፎቅ፣ ሊፍት የለም፣ አንዲት ክፍል ውስጥ 14 ሴት። ወንድ አይገባም ተባለና አጎቴና ልጁ ኩሽና ተዘጋባቸው። ሙሽሪትን ሻሹን አለበሷት። ግጥሙን በቃሏ አታውቀውም ለካ፣ ሻሹ ስር ስልኳን ይዛ ነው የምታነበው፣ ከውስጥ ሰማያዊ ብርሃን ፊቷን ያበራዋል፣ እኔ ሳቄን መያዝ አቅቶኝ ነበር። አያትየው አጠገቧ ሆነው የሚረዝመውን እሳቸው ያወርዱታል። እና ሊዳ ያልሽው ሪባን ጋ ሲደረስ ስልኩ ከሻሹ ስር ወደቀ፣ አላነሳችውም፣ ከዛ በኋላ ንባብ አልነበረም።

እማዬን ታውቋታላችሁ፣ ደብረ ማርቆስ ነው ያደገችው፣ ሙሾ እዛ የተማረች ሴት ናት። መጀመሪያ እጇን አጣጥፋ እንደ ዳኛ ተቀመጠች። ትንሽ ቆይታ ወደኔ ዞራ "ድምፃቸው ጥሩ ነው፣ ግን እንዴት ማንም ከንፈር አይመጥላቸውም?" አለችኝ። ከዛ ራሷ ጀመረች። አያትየው አንድ ቤት ሲጨርሱ እማዬ ምጥጥ፣ እህህ እያለች። ቃል አልገባትም'ኮ ግን ቦታው አንድም አልሳታትም። አያትየው ሦስተኛው ላይ ቀና ብለው አይዋትና ከዛ በኋላ ለሷ ነው ያለቀሱት፣ ፊታቸውን ወደሷ አዙረው።

ስለ ጥቁር ቁራው። ልጁ ነው የነገረን እየሳቀ። አያትየው ሳምንቱን ሙሉ ቤት ውስጥ ሲለማመዱ "ጥቁር ቁራ መጣ" የሚለው ጋ ደርሰው ቆም አሉ፣ እሱን አዩት፣ ትንሽ አሰቡና "ደመና" ብለው ቀየሩት። እሱ ግድ የለኝም ቁራው ይሁን ቢላቸው አይ ደመናው ዜማውም ላይ ይሻላል አሉት።

የሰርጉ ቀን ዲጄ ነበር ግን ሁለት ሰዓት ያህል ለአያትየው ቡድን ተለቀቀ፣ ጋርሞን የያዘ ሽማግሌም አለ። አጎቴን በስሙና በአባቱ ስም ላይ "ኦቪች" (እነሱ የአባት ስም ላይ የሚቀጥሉትን) ጨምረው አሞገሱት። ስማችን በአባት ስለሆነ ምንም አልተቸገሩም፣ ልክ ለሱ የተሰፋ ነው የመሰለው። ሊዳ ሳህን ብለሽ ነበር። አጎቴ ግን ሙገሳው ሲሞቀው ሳህኑን ረስቶ ተነሳና አንድ ሺህ ሩብል አውጥቶ የአያትየው ግንባር ላይ ለጠፈው። እኔ መሬት ተሰንጥቃ በዋጠችኝ ነው ያልኩት። አዳራሹ ጸጥ አለ። አያትየው እጃቸውን ሰደው ነኩት፣ ምን እንደሆነ ገባቸው፣ ከግንባራቸው ነቅለው ጥልፍ መሸፈኛቸው ላይ ልክ እንደ ጌጥ ሰክተውት ዘፈኑን እንደገና ከመጀመሪያው ጀመሩለት። ከዛ በኋላ ሳህኑን ማን ያየዋል፣ የሙሽሪት አጎቶች ሁሉ እየተነሱ ግንባር ፍለጋ።

ማሲንቆ_ነኝ፦
አሮጊቷን አግቡልኝ

ጋሽ_ቮሮኔዥ፦
የወንድማችን ጉልበትስ? ቁጢጥ አለ አይደል፣ እውነቱን ንገሪኝ።

ቤቲ_ሳር_ቤት፦
አለ ጋሼ፣ አንዴ ብቻ። ወረደ፣ እዛው ቀረ። ጋርሞኑ ያለው ሽማግሌ ዜማውን እየደጋገመ ጠበቀው፣ ሁለት ሰው ብብቱን ይዞ አነሱት። ከዛ በኋላ በትከሻ ነው የጨረሰው፣ ሁለተኛ ቀን እማዬ የድስት ክዳን እየመታች እሱ ወንበር ላይ ሆኖ።

ማሲንቆ_ነኝ፦
የዋዜማውን ቪድዮ ስጪኝ ቤቲ፣ በእመቤቴ። ሁለቱ ዜማ የሚጋጭበትን ብቻ።

ቤቲ_ሳር_ቤት፦
የቀዳችው እማዬ ናት። ከንፈር መምጠጥ ስትጀምር ስልኩን ጭኗ ላይ አስቀምጣው 40 ደቂቃ ሙሉ ጣሪያውን ነው የቀዳው፣ አንድ አምፖልና የመጋረጃ ብረት። ድምፁ ግን ጥርት ብሎ ይሰማል፣ እማዬም ትሰማለች። ቴሌግራምህን ላክልኝ።